የጣልኋት «ግን»

ለልጄ፣

እንደምን ሰነበትሽ? እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ። እናትሽ የባንክ ሥራሽን ልትለቂ መሆኑን ከሰማች ወዲህ የተጣላችው ከአንቺ ጋር ሳይሆን ከእኔ ጋር ነው። «አንተ ነህ ያስለመድሃት» ትለኛለች። እውነቷን ነው፤ በልጅነትሽ የፊልም ማቀናበሪያ ክፍል ውስጥ ጭኔ ላይ ያስተኛሁሽ እኔ ነኝ።

አትልቀቂ አልልሽም። ዘጋቢ ፊልም አዘጋጅ መሆን ግማሹ ደብዳቤ ማጻፍ፣ ቀበሌ መለመን፣ አበልና ነዳጅ ማስላት ነው። በዚህ በኩል አንቺ ከእኔ ትሻያለሽ፤ እኔ ደረሰኝ የማስቀምጠው ካልሲ ውስጥ ነበር። የምጽፍልሽ ስለ ሌላው ግማሽ፣ ስለ መቁረጡ ነው።

አያትሽ ቅኔ ቤት ያደጉ ሰው ነበሩ። ጉባኤ ቃና የምትባለው ቅኔ ሁለት ቤት ብቻ ናት፤ ሁለቱ ሲገጥሙ ግን በአንዳቸውም ውስጥ ያልነበረ ነገር ይወለዳል ይሉኝ ነበር። ከ100 ዓመት ገደማ በፊት ሌቭ ኩሌሾቭ የተባለ ሩሲያዊ ፊልም ሠሪ የአንድን ተዋናይ ፊት አንድ ጊዜ ከሾርባ ሳህን፣ አንድ ጊዜ ከሬሳ ሣጥን አጠገብ ቀጠለው። ተመልካቹ መጀመሪያ ረሃብን፣ ቀጥሎ ሐዘንን አየሁ አለ፤ ፊቱ ያው አንድ ፊት ነበር። አያትሽ ይህን ቢሰሙ «ለዚህ ደግሞ ሩሲያ ድረስ?» ባሉ ነበር።

በ1994 ዓ.ም. ጮቄ ተራራ ግርጌ ስለ አፈር መሸርሸር ልንቀርጽ ሄድን። አንድ አዛውንት ገበሬ እርከናቸው ላይ ቆመው፣ «እርከኑ አፈራችንን አስቀርቶልናል፤ ግን ከእኔ ማሳ ግማሽ ጥማድ በልቷል፣ አቤት ያልሁበት ወረቀትም መልስ አላገኘም» አሉ። እኔ «አስቀርቶልናል» ላይ ቆረጥሁና የወራጅ ውኃ ምስል አስከተልሁ። ማንም ቁረጥ አላለኝም። ስላማረልኝ ነው። ከ«ግን» ጀምሮ የጣልሁት 11 ሰከንድ ነበር፤ በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ማለትም 25 ነጠላ ምስል፣ ስታሰቢው 275 ፍሬም ይሆናል።

ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ ከነከነኝ። በዚያን ጊዜ የምናቀናብረው ከካሴት ወደ ካሴት ስለነበረ፣ መሐል ላይ 11 ሰከንድ ለመመለስ ከዚያ በኋላ ያለውን ሁሉ እንደ አዲስ መቅዳት ግድ ነበር። ፊልሙ የሚተላለፈው በነጋታው ነው። ተኛሁ።

ለካ የአካባቢው ሰዎች ስለዚያ እርከን ተሰብስበው አቤት ሊሉ አዛውንቱን ከወኪሎቻቸው መሐል መርጠዋቸው ኖሯል። ጠላ ቤት ተቀምጠው ፊልሙን ሲያዩ ወኪላቸው እርከን ያሞግሳል። በማግሥቱ ሻሯቸው። ይህን የሰማሁት ከሦስት ዓመት በኋላ ደብረ ማርቆስ ገበያ ላይ ከራሳቸው አፍ ነው። አልተቆጡም፤ «ያችን የቀረች ነገሬን የት ጣልሃት?» ብቻ አሉኝ። ካሴቱን ፍለጋ ሄድሁ፤ ካሴት ውድ ስለነበረ ሌላ ዝግጅት ተቀርጾበት ነበር።

አሁን በኮምፒውተር የተቆረጠውን ጫፍ ሳብ ስታደርጊው ቃሉ ይመለሳል። ስለዚህ እኔ የነበረችኝ ያች ትንሽ ሰበብ እንኳ አንቺ ዘንድ የለችም። ከመቁረጥሽ በፊት ሰው የተናገረውን ሁሉ በወረቀት ገልብጪው፤ ያማረውን ሳይሆን ሙሉውን። «ግን» ስታገኚ እጅሽን ከማውሱ ላይ አንሺ። ጥሬውን ቀረጻ በሦስት ቅጂ አስቀምጪ፣ አንዱ ሌላ ሰው ቤት ይደር። ከየቦታው ከመነሣትሽ በፊት ደግሞ ማንም ሳይናገር የአንድ ደቂቃ ድምፅ ቅረጪ፤ የጮቄ ዝምታ የቦሌን ዝምታ አይመስልም፣ ስታቀናብሪ ይገባሻል።

ባለፈው ቅዳሜ አዛውንቱን አገኘኋቸው፤ ዛሬም በትር ሳይዙ ገበያ ይወጣሉ። ልጄ ካሜራ ይዛ ብትመጣ ያችን ነገር ይደግሙልኛል ወይ አልኋቸው። ጥቂት አሰቡና፣ «ትምጣ፤ ግን በእርሻ ወራት አይሁን» አሉኝ።

ጥር ላይ ነይ፤ እህሉም ተወቅቶ ይገባል። እዚያ መብራት ስለሌለ ባትሪ ደርበሽ ያዢ፤ ብርዱም ባትሪ ይጨርሳል።

አባትሽ
ደብረ ማርቆስ