የትኛው ዘ ሄግ?

ለተከበሩ የጋዜጣው አዘጋጅ፣

ስለ ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤቶች ቅቡልነት በሚነሣው ክርክር አንዱ ወገን «ነገሩ ዘ ሄግ ይሂድ» ይላል፣ ሌላው «ዘ ሄግ የነጮች ችሎት ነው» ብሎ ይዘጋዋል። እዚህ ሐዋሳም በፍርድ ቤት ግቢ ከሚገናኙ ጠበቆች አንሥቶ ሐይቅ ዳር ቡና እስከሚጠጡት ድረስ የሚሰማው ይኸው ነው። የትኛውን ፍርድ ቤት ማለታቸው እንደሆነ ግን ሁለቱም አይናገሩም። በዚያች ከተማ መንግሥት መንግሥትን የሚከስበት ዓለም አቀፉ የፍትሕ ፍርድ ቤት አለ። ግለሰብ በወንጀል የሚዳኝበት ዓለም አቀፉ የወንጀል ፍርድ ቤት ሌላ ነው። የእኛንና የኤርትራን ድንበር ያየው ኮሚሽን ደግሞ መዝገቡ የተያዘለት እዚያው ባለው ቋሚ የግልግል ፍርድ ቤት ነበር። ሦስቱም ሥልጣናቸውን ያገኙት ከተለያየ ወረቀት ነውና ቅቡልነታቸው መመዘን ያለበት በዚያ ወረቀትና ችሎቱ በሰጠው ምክንያት ነው፤ ማን አሸነፈ የሚለው መለኪያ አይሆንም። (ዓመቶቹን በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የምጠቅሰው።)

በፈቃድ ላይ የቆመ ዳኝነት ለእኛ እንግዳ አይደለም። ሕገ መንግሥታችን በአንቀጽ 34(5) የግልና የቤተሰብ ክርክር በሃይማኖት ወይም በባህል ሕግ እንዲታይ የሚፈቅደው ተከራካሪዎቹ ሲስማሙ ነው። በመንግሥታት መካከል ያለው ዳኝነትም መነሻው ይኸው ነው።

የወንጀል ፍርድ ቤቱን ያቋቋመው በ1998 ሮም ላይ የጸደቀው ስምምነት ሲሆን ሥራ ላይ የዋለው ከጁላይ 2002 ወዲህ ነው። ኢትዮጵያ አባል አይደለችም። ስለዚህ እዚህ የተፈጸመ ወንጀል እዚያ የሚደርስባቸው በሮች ጥቂት ናቸው። አገሪቱ ስምምነቱን ብታጸድቅ ሥልጣኑ ከዚያ ቀን ወዲህ ላለው ይሠራል። በስምምነቱ አንቀጽ 12(3) መሠረት መንግሥት የጽሑፍ መግለጫ ቢያስገባ ወደ ኋላ እስከ 2002 ድረስ ሊሄድ ይችላል። ተከሳሹ የአባል አገር ዜጋ ከሆነ ወይም የወንጀሉ ከፊል በአባል አገር ምድር ከተፈጸመም መንገድ አለ። የቀረው የተባበሩት መንግሥታት የጸጥታው ምክር ቤት ጉዳዩን ሲመራ ነው። የመብት ድርጅት ሪፖርት፣ የፊርማ ማሰባሰቢያም ሆነ ሰላማዊ ሰልፍ ብቻውን የትኛውንም በር አይከፍትም።

ከእነዚህ ሁሉ የተሰነጠቀው የምክር ቤቱ በር ነው። ድምፅን በድምፅ የመሻር መብት ካላቸው አምስት አገሮች ሦስቱ፣ አሜሪካ፣ ሩሲያና ቻይና፣ ራሳቸው አባል ሳይሆኑ ሌላውን ይልካሉ። የሱዳኗን ዳርፉርን ወደ ፍርድ ቤቱ የመራውን የ2005ን ውሳኔ ቁጥር 1593 ያነበበ ሰው ስንጥቁን በዓይኑ ያየዋል። ተራ ቁጥር 6 ከሱዳን ውጭ ያሉ አባል ያልሆኑ አገሮች ዜጎች፣ ምክር ቤቱ ወይም የአፍሪካ ኅብረት በፈቀደው ተልዕኮ ውስጥ ለሚፈጽሙት ድርጊት የሚዳኙት በላካቸው አገር ብቻ መሆኑን ይደነግጋል። ተራ ቁጥር 7 ደግሞ ወጪውን የተባበሩት መንግሥታት እንደማይሸፍን ይናገራል። ክሰስ፣ የእኛን ሰው ግን አትንካ፣ ገንዘብም አትጠይቅ ማለት ነው። የ2011 የሊቢያ ውሳኔ ቁጥር 1970ም ይህንኑ ደገመ። በሱዳኑ ፕሬዚዳንት በአል በሽር የእስር ማዘዣ ሰሞን የአፍሪካ መሪዎች ያሰሙት ቅሬታ አብዛኛው ለራሳቸው ወንበር የተቆረቆረ ቢሆንም በዚህ ነጥብ ላይ ግን እውነት ነበራቸው።

«የሚከሰሰው አፍሪካዊ ብቻ ነው» የሚለው ክርክር ያን ያህል አይጸናም። ኡጋንዳ፣ ዴሞክራቲክ ኮንጎ፣ መካከለኛው አፍሪካ ሪፐብሊክና ማሊ ጉዳያቸውን ወስደው የሰጡት ራሳቸው ናቸው። እኔን የሚያሳስበኝ እንዲያውም ይህ መንገድ ነው። መንግሥት ራሱ ሲመራ የመርማሪው ቪዛ፣ የምስክሩ አድራሻ፣ አጃቢው ወታደር ሳይቀር ከመንግሥት እጅ ይገኛል። በ2005 በኡጋንዳ ጉዳይ የወጡት አምስት ማዘዣዎች አምስቱም በጆሴፍ ኮኒና በአማፂ አዛዦቹ ላይ ነበሩ፤ በመንግሥት ጦር ላይ አንድም አልወጣም። መንግሥት ፊቱን ሲያዞር ደግሞ የኬንያው ይመጣል፦ ምስክሮች ወደ ኋላ አሉ፣ የተጠየቀው ሰነድ ተሟልቶ አልቀረበም፣ በኬንያታ ላይ የቀረበው ክስ በዲሴምበር 2014 ተነሣ፣ የሩቶ መዝገብም በኤፕሪል 2016 ተዘጋ።

ቅቡልነት ከውስጥ ሲበላሽ ማየት የሚሻ ግን የራሳችንን መዝገብ ያንሣ። ኢትዮጵያና ላይቤሪያ በኖቬምበር 1960 ደቡብ አፍሪካን በዛሬዋ ናሚቢያ ስለምታራምደው አፓርታይድ ዓለም አቀፉ የፍትሕ ፍርድ ቤት ፊት አቆሟት። ደቡብ አፍሪካ የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ አቀረበች። ፍርድ ቤቱ በ1962 መቃወሚያውን በ8 ለ7 ድምፅ ውድቅ አድርጎ ወደ ፍሬ ነገሩ ገባ። ከዚያ የጽሑፍና የቃል ክርክሩ አራት ዓመት ወሰደ። ጁላይ 18 ቀን 1966 የተነበበው ፍርድ ግን አፓርታይድ ሕጋዊ ነው ወይስ አይደለም ለሚለው ጥያቄ መልስ አልሰጠም፤ ከሳሾቹ በነገሩ ላይ የራሳቸው መብት ወይም ጥቅም የላቸውም ብሎ መዝገቡን ዘጋ። ከሳሽ በነገሩ ጥቅም እንዲኖረው የሚጠይቀውን የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችንን ቁጥር 33 የሚያውቅ ጠበቃ ይህ ጥያቄ በር ላይ የሚነሣ እንጂ ቤት ከተገባ በኋላ የሚታወስ እንዳልሆነ አይጠፋውም። ድምፁ 7 ለ7 ተከፍሎ ነበርና ወሳኙን ድምፅ የሰጡት ፕሬዚዳንቱ፣ አውስትራሊያዊው ሰር ፐርሲ ስፔንደር ናቸው። በአራቱ ዓመታት ውስጥ የተለወጠው ሕጉ ሳይሆን ችሎቱ ላይ የተቀመጠው ሰው ነው። ግብፃዊው ዳኛ ባደዊ ሞተዋል፣ የፔሩው ታመዋል፣ የፓኪስታኑ ዛፍሩላ ካን በዚህ ጉዳይ ሳይሰየሙ ቀርተዋል። በዚያው ዓመት ኦክቶበር የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ በውሳኔ ቁጥር 2145 የደቡብ አፍሪካን ሞግዚትነት አቋረጠ። ፍርድ ቤቱ ራሱ አገሪቱ ናሚቢያ ውስጥ መቆየቷ ሕገ ወጥ ነው ያለው በ1971 ምክረ ሐሳቡ ነው።

በባድመ ጉዳይ ነገሩ ተገላቢጦሽ ነው፤ ፈቃዱ ላይ እንከን አልነበረም። ዲሴምበር 12 ቀን 2000 አልጀርስ ላይ የተፈረመው ስምምነት አንቀጽ 4 ሁለቱ አገሮች ሁለት ሁለት ዳኛ እንዲሰይሙ፣ ኮሚሽኑ የ1900፣ የ1902 እና የ1908 ውሎችንና አግባብነት ያለውን ዓለም አቀፍ ሕግ መሠረት አድርጎ እንዲሠራ፣ በርትዕ፣ ማለትም ከሕጉ ወጥቶ ፍትሐዊ በመሰለው፣ እንዳይወስን፣ ውሳኔውም የመጨረሻና አስገዳጅ እንዲሆን ይደነግጋል። እንዲህ ብሎ የፈረመ መንግሥት በኋላ «ሕዝብን የሚከፍል ኢፍትሐዊ መስመር ነው» ቢል ቅሬታው እውነት ሊሆን ይችላል፤ ግን ርትዕ የሚገባበትን በር የዘጋው ኮሚሽኑ ሳይሆን ፈራሚው ነው። በኤፕሪል 2002 የኮሚሽኑ ውሳኔ ሲወጣ ሁለቱም መንግሥታት አሸነፍን አሉ፤ በውሳኔው ማጠቃለያ ላይ የባድመ ስም ስላልነበረ ነጥቦቹን ካርታ ላይ ማስላት ያስፈልግ ነበር። በኖቬምበር 2007 ኮሚሽኑ ድንበሩን በካርታ መጋጠሚያ ነጥቦች ብቻ አስፍሮ፣ መሬት ላይ ችካሉ ሳይተከል ተበተነ።

በሲዳማ ሽማግሌዎች ሸንጎ የተሰጠን ፍርድ አልቀበልም ያለ ሰው ከጎረቤቱ ኑሮ ይገለላል፤ ፖሊስ አያስፈልግም። መንግሥትን የሚያገል ጎረቤት ግን ብዙ የለም። አሜሪካ በ1986 በኒካራጓ ስትረታ የፍርዱ አፈጻጸም ጸጥታው ምክር ቤት ደርሶ በራሷ ድምፅ ወደቀ። በሽር በ2015 ከደቡብ አፍሪካ፣ ፑቲን በ2024 ከሞንጎሊያ ሳይያዙ ወጡ፤ ሁለቱም አስተናጋጆች የፍርድ ቤቱ አባላት ነበሩ።

ወደ እኛ ስንመለስ ዘ ሄግን አልቀበልም ለሚል መንግሥት አሳማኙ መልስ ሉዓላዊነት የሚለው ቃል ሳይሆን የምርመራ መዝገብ ነው። የሮም ስምምነት አንቀጽ 17 «ፍርድ ቤት አለን» በማለት አይረካም፤ ያንኑ ሰው በዚያው ድርጊት እየመረመራችሁ ነው ወይ ብሎ ይጠይቃል። ኬንያ በ2011 በዚህ ጥያቄ ወደቀች። ሊቢያ ግን በ2013 የስለላ ኃላፊ የነበረውን የአል ሰኑሲን ጉዳይ ለራሷ አስቀረች፣ የጋዳፊን ልጅ የሰይፍ አል ኢስላምን ጉዳይ ማስቀረት ግን አቃታት። አገሩና ዘመኑ አንድ ሆኖ ልዩነት ያመጣው የተሟላ ፋይል መቅረቡና ተከሳሹ በመንግሥት እጅ መሆኑ ነው።

በ2024 የሚኒስትሮች ምክር ቤት ያጸደቀው የሽግግር ፍትሕ ፖሊሲ ልዩ ዐቃቤ ሕግና ልዩ ችሎት እንዲቋቋም ያቅዳል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 28 በሰው ልጅ ላይ የሚፈጸም ወንጀልን ይርጋ አያግደውም ይላል። የወንጀል ሕጋችን ግን በአንቀጽ 269 ዘር ማጥፋትን፣ ከ270 ጀምሮ የጦር ወንጀልን ሲደነግግ በሰው ልጅ ላይ የሚፈጸም ወንጀልን ራሱን አስችሎ አልተረጎመም። አሁን ተተርጉሞ ላለፈው ይሥራ ሲባል የመጀመሪያው ቀጠሮ ላይ የተከሳሽ ጠበቃ የሚያነሣው የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 22 ነው፤ ሲፈጸም ወንጀል ተብሎ ባልተደነገገ ድርጊት ማንም አይቀጣም። ረቂቁን የሚያዘጋጁ ባለሙያዎች ድርጊቱ በዓለም አቀፍ ልማዳዊ ሕግ ያኔም ወንጀል እንደነበር፣ ያዘዘውና እያወቀ ያልከለከለው አለቃም እንደሚጠየቅ በግልጽ ካልጻፉ ለዐቃቤ ሕጉ የሚቀረው የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 539 ከባድ ግድያ ነው፤ በዚያ አንቀጽ ቃታ የሳበው ይያዛል፣ ከበላይ ሆኖ ያየው ግን ያመልጣል።

አንድ የሕግ መምህር
ሐዋሳ