ለጅማ ከተማ አስተዳደር ባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት፦ በየቤቱ ስላሉት የቪዲዮ ካሴቶች የቀረበ ግልጽ ደብዳቤ

ጉዳዩ፦ የቆዩ የቪዲዮ ካሴቶች ወደ ዲጂታል የሚገለበጡበት ክፍልና መሣሪያ እንዲመደብ ስለመጠየቅ

ጅማ ተወልጄ ያደግሁና ዛሬ በፎቶ ጋዜጠኝነት የምተዳደር ሰው ነኝ። አባቴ የሰርግ ካሜራማን ነበር፤ በዐቢይ ጾም ሰርግ ስለማይኖር ካሜራው ሥራ በሚፈታባቸው 55 ቀናት፣ በጥርና በየካቲት ባጠራቀማት ገንዘብ ፊልም ይሠራ ነበር። ተዋንያኑ ጎረቤቶቻችን ነበሩ። እናቴ ለሁሉም ሽሮ ሠርታ ካበላች በኋላ ነጭ አንሶላ ዘርግታ የፀሐዩን ብርሃን ወደ ተዋንያኑ ፊት ትመልሳለች፣ ታላቅ እህቴ በመጥረጊያ እንጨት ጫፍ የታሰረውን ማይክሮፎን ትይዛለች፣ እኔ ደግሞ ለፖስተር የሚሆነውን ፎቶግራፍ አነሣለሁ። ስቱዲዮ መከራየት የማይታሰብ ስለነበር የሚቀረጸው ሁሉ ደጅ ነው፦ ፈረንጅ አራዳ፣ ሄርማታ ገበያ፣ የአዌቱ ድልድይ፣ ወደ አባ ጅፋር ቤተ መንግሥት የሚያወጣው የጅሬን ዳገት።

አባቴ ያላማረውን ትዕይንት «እንደገና!» ብሎ ያስደግም ነበር። እኔ በገባሁበት ሙያ ግን የሆነን ነገር ማስደገም ነውር ነው፤ ማን፣ የት፣ መቼ የሚለው ያልተጻፈበት ፎቶግራፍም ምስክርነቱ ጎደሎ ነው። በአዌቱ ዳርቻ የተካሄደውን የኮሪደር ልማት በፎቶ ስዘግብ፣ ቦታው ቀድሞ ምን ይመስል እንደነበር የሚያሳይ ምስል ተጠይቄ ብዙ ቦታ ፈልጌ አጣሁ። በመጨረሻ ያገኘሁት ከአባቴ ፊልሞች በአንዱ፣ እናቴ ዘንቢል አንጠልጥላ መንገድ በምትሻገርበት አጭር ትዕይንት ውስጥ ነው። ከኋላዋ የወንዙ ዳር፣ የሊስትሮዎቹ ጥላ፣ በረንዳ ላይ ቡና የሚጠጡ ሰዎች ሳይቀሩ ይታያሉ፤ አባቴ እነርሱን ብሎ አልቀረጸም፣ ግን ገብተዋል። ያን ቀን ቴሌቪዥኑ ፊት ቆሜ እናቴን ሳይሆን ከኋላዋ ያለውን ደጋግሜ ሳይ አመሸሁ።

እንዲህ ያለ ካሴት በእኛ ቤት ብቻ ያለ አይመስለኝም፤ ሰርግ፣ ልደትና ቲያትር የቀረጹ ሌሎች ባለሙያዎችም በየሣጥናቸው አስቀምጠዋል። ችግሩ የከተማችን አየር ነው። በዓመት በአማካይ ወደ 1,500 ሚሊ ሜትር ዝናብ በሚወርድበት አገር የካሴት ክር ይሻግታል፤ ከእኛ 41 ካሴቶች ዘጠኙ ነጭ ሻጋታ ይዘው አግኝቻቸዋለሁ። የማጫወቻ መሣሪያውም ከገበያ እየጠፋ ነው።

ሥራው ብዙ ወጪ የሚጠይቅ አይደለም። የ60 ደቂቃ ሚኒ ዲቪ ካሴት ለመገልበጥ 60 ደቂቃ ይፈጃል፣ 13 ጊጋ ባይት ያህል ቦታም ይይዛል፤ ስለዚህ አንድ ደረቅ ክፍል፣ በሥርዓት የሚሠሩ የቪኤችኤስና የሚኒ ዲቪ ማጫወቻዎች፣ አንድ ኮምፒውተርና አንድ ትዕግሥተኛ ባለሙያ ይበቃሉ። ብሔራዊውን ቤተ መዛግብት የሚመለከተው አዋጅ ቁጥር 179/1991 መኖሩን አውቃለሁ፤ ነገር ግን አንዲት እናት ካሴቷን በፌስታል ቋጥራ 350 ኪሎ ሜትር ገደማ ወደ አዲስ አበባ ትወስዳለች ብሎ መጠበቅ አይቻልም። ባለቤቶቹም ንብረታቸውን የሚነጠቁ መስሏቸው እንዳይሸሹ፣ በቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት መብታቸው ከእነርሱ እንደማይወጣ በጽሑፍ ሊረጋገጥላቸው ይገባል።

ከሁሉ አስቀድሜ የምለምነው ግን ካሴቱ ሲገለበጥ ባለቤቱ አጠገቡ ተቀምጦ የሚታየው ሰፈር የት እንደሆነ፣ ሰዎቹም እነማን እንደሆኑ እየተናገረ እንዲመዘገብ ነው። ይህን የሚያውቁት አረጋውያን ናቸው፤ ለክረምቱ ሻጋታ መድኃኒት ቢገኝ እንኳ ለእነርሱ ዕድሜ አይገኝም።

የእኛን 41 ካሴቶች ክፍሉ በተከፈተ ቀን ይዤ እቀርባለሁ። አባቴም ከእኔ ጋር መጥቶ እያንዳንዱ የት እንደተቀረጸ ለመናገር ፈቃደኛ ነው፤ ጠዋት ጠዋት ቢሆንለት ይመርጣል።

ከታላቅ አክብሮት ጋር