አንድ እፎይታ ስንት ሜትር ነው? ለአማራ ክልል ትምህርት ቢሮ የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለአማራ ክልል ትምህርት ቢሮ
ባሕር ዳር

ጉዳዩ፦ የ6ኛ ክፍል ተማሪዎች የምናባዊ አገር መለኪያ እንዲሠሩ በሂሳብ ትምህርት የፕሮጀክት ሥራ እንዲፈቀድ ስለ መጠየቅ

የተከበራችሁ የቢሮው ኃላፊዎች፤

በጎጃም ሂሳብና አማርኛ የምናስተምር መምህራን ነን። የምንጠይቃችሁ ነገር ሲያዩት ጨዋታ ይመስላል፤ ተማሪው በምናቡ አንድ አገር ፈጥሮ ለዚያ አገር መለኪያ ያውጣ ነው የምንለው። ሜትርን ወደ ሳንቲሜትር የሚቀይር ልጅ ሁሉ መለኪያ ምን እንደሆነ ገብቶታል ማለት አይደለም። ራሱ አንድ መለኪያ ላቁም ብሎ ሲነሣ ግን ይገባዋል።

ሕዝቡ ገደል አፋፍ ላይ የሰፈረ፣ ውኃውን ከሸለቆ ሥር በእንስራ የሚያወጣ አገር እናስብ፤ ከደጀን ቁልቁል ዓባይን ያየ ልጅ ይህን ለማሰብ አይቸገርም። የዚያ አገር የመንገድ መለኪያ «እፎይታ» ይባል። አንድ እፎይታ፣ ሙሉ እንስራ የተሸከመ ሰው ከተነሣበት እስከ መጀመሪያ ማረፊያው የሚሄደው መንገድ ነው። ስሙ ከሥራው ስለወጣ አፍ ላይ አያስቸግርም፤ «ስንት እፎይታ ቀረን?» «ሁለት ተኩል» ይባባሉበታል። ልጆች ብዙ ጊዜ ባዕድ የሚመስል ድምፅ ገጣጥመው ስም ያወጣሉ። እንዲህ ያለው ስም ምን እንደሚለካ ስለማይናገር ቶሎ ይረሳል።

ጭቅጭቁ የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው። እንስራው ስንት ይይዛል? ተሸካሚው ጎረምሳ ነው አሮጊት? በትምህርት ቤት ግቢ ውስጥ እንስራውን በ5 ሊትር የዘይት ጀሪካን መተካት ይበቃል፤ ውኃው 5 ኪሎ ይመዝናል። ጀሪካኑ እስከ አፉ ይሞላ፤ ጎደሎ ከሆነ ውኃው እየተንቦጫረቀ ተሸካሚውን ያደክመዋል፣ ልኩም ይዛባል። ዘጠኝ ተማሪዎች ተራ በተራ በአንድ እጃቸው ይዘው፣ እጅ ሳይቀይሩ፣ እስኪያሳርፉት ድረስ በሜዳው ይሄዳሉ። ያሳረፉበት ቦታ ላይ ድንጋይ ይቀመጣል። ዘጠኙ ርቀቶች ከአጭሩ ወደ ረጅሙ ተደርድረው አምስተኛው ይወሰዳል። አማካዩን ያልወሰድነው በምክንያት ነው፤ አንዱ ጉልበተኛ እልህ ይዞት የሌሎቹን እጥፍ ቢሄድ አማካዩን ይጎትተዋል፣ አምስተኛውን ግን አይነካውም። ርቀቱ ሲለካ የናይለን ገመድ አይመረጥም፤ ሲወጠር ይረዝማል።

አምስተኛው ርቀት 150 ሜትር ሆነ እንበል። እፎይታውን በ240 እርምጃ ብንከፍለው አንዱ እርምጃ 62.5 ሳንቲሜትር ይሆናል። 240 የተመረጠው ለግማሽ፣ ለሲሶ፣ ለሩብ፣ ለአምስት፣ ለስድስትና ለስምንት ያለ ቀሪ ስለሚካፈል ነው፤ በ100 ብንከፍለው ሲሶው ላይ ይሰበራል።

ትልቁ ትምህርት ያለው ዳገቱ ላይ ነው። ያው መንገድ ሽቅብ 9 እፎይታ፣ ቁልቁል 5 እፎይታ ሊወጣ ይችላል። ታዲያ እፎይታ የሚለካው መንገዱን ነው ድካሙን? ድካሙን ከሆነ ከወንዙ ወደ መንደሩ ያለው ርቀትና ከመንደሩ ወደ ወንዙ ያለው ርቀት አይተካከሉም፤ በእንዲህ ያለ መለኪያ ድንበር መካለል አይቻልም። መንገዱን ከሆነ አንድ ጊዜ በሜዳ ተለክቶ ድንጋይ ሊተከልለት ይገባል። የእኛው ጥማድ ይህንኑ አልፎበታል። ጥማድ አንድ ጥንድ በሬ በቀን የሚያርሰው መሬት ነው፤ በዋልካና በቀላል አፈር ላይ ግን የአንድ ቀን እርሻ እኩል አይሆንም። ስለዚህ ዛሬ ብዙ ጊዜ ሩብ ሄክታር ማለትም 2,500 ካሬ ሜትር ተብሎ ይሰላል። ሜትርም መጀመሪያ ከምድር ወገብ እስከ ሰሜን ዋልታ ያለው ርቀት አንድ አሥር ሚሊዮንኛ ተብሎ ወጣ፣ ቀጥሎ በፕላቲኒየም ዘንግ ተያዘ፣ እ.ኤ.አ. ከ1983 ወዲህ ደግሞ ብርሃን በባዶ ሕዋ በሰከንድ 1/299,792,458ኛ ውስጥ የሚጓዘው ርቀት ሆኗል።

ከርዝመት ወደ ስፋት ሲኬድ ተማሪዎች የሚሳሳቱበት ቦታ አንድ ነው። ጎኑ አንድ እፎይታ የሆነ ማሳ 22,500 ካሬ ሜትር፣ ልክ 9 ጥማድ ይሆናል። ጎኑ ሁለት እፎይታ ሲሆን ብዙዎቹ 18 ጥማድ ይላሉ፤ 36 ነው። ማሳውን በካሬ ወረቀት ሥሎ በመቁጠር ይታረማል።

ለእህል መለኪያ የሚያወጣ ቡድን ደግሞ ቁናን ይመርምር። ቁና የሚለካው ይዘትን እንጂ ክብደትን ስላልሆነ ጤፍና ኑግ በአንድ ቁና እኩል ኪሎ አይወጣቸውም። የባሰው ቁልሉ ነው። እስከ አፋቸው እኩል የሚይዙ ሁለት ቁናዎች፣ የአንዱ አፍ 20፣ የሌላው 30 ሳንቲሜትር ስፋት ቢኖረው፣ እህሉም በ30 ዲግሪ ተዳፋት ቢቆለል፣ የጠባቡ ቁልል ወደ 0.6 ሊትር፣ የሰፊው ወደ 2 ሊትር ይሆናል። አፉ አንድ ተኩል ጊዜ ሲሰፋ ቁልሉ ከሦስት እጥፍ በላይ ያድጋል። ስለዚህ የዚያ አገር ደንብ ወይ የአፉን ስፋት ይወስን፣ ወይ ቁልሉ በእንጨት ይጠረግ ይበል።

አማርኛ የሚገባው እዚህ ላይ ነው። እያንዳንዱ ቡድን የመለኪያውን ደንብ ከአንድ ገጽ ባልበለጠ ይጻፍ፤ ዕቃው፣ ጭነቱ፣ ቦታው፣ አቆጣጠሩ ሳይጎድል። ደንቡ ድንጋዩን ላላየ ሌላ ክፍል ይሰጥ፤ እነሱም በጽሑፉ ብቻ መለኪያውን እንደገና ያቁሙ። ልዩነቱ ከአንድ አሥረኛ ከበለጠ መጀመሪያ የሚመረመረው ጽሑፉ ነው። ብዙ ጊዜ የሚጎድለው «እጅ ሳይቀይሩ» ወይም «በሜዳ» የምትለዋ ቃል ናት።

የምንጠይቀው ሦስት ክፍለ ጊዜ፣ ከ100 ውስጥ 10 ማርክ በሂሳብና በአማርኛ እንዲያዝ፣ እንዲሁም ይህ አሠራር በመምህሩ መምሪያ ውስጥ በአባሪነት እንዲገባ ነው። ወጪው ለአንድ ክፍል ሁለት ጀሪካንና አንድ የመለኪያ ሜትር ነው። የደንብ አጻጻፍ ናሙናና የማረሚያ ነጥቦች አዘጋጅተን ለማስረከብ ዝግጁ ነን።

ከሰላምታ ጋር
በጎጃም የሂሳብና የአማርኛ መምህራን