አባዬ፣ ምንም አልጠየቅኩም

ሐረር፣ ሰኔ 8 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለምወድህ አባቴ፣

ለጤናህ እንደምን ሰንብተሃል? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። እስከዚህ ድረስ ተማሪ ቤት እንዳስተማሩን ነው፤ ከዚህ በኋላ ያለውን ያስተማረኝ የለም።

ከሐረር ድሬ በሚኒባስ አንድ ሰዓት ገደማ ነው፣ ደብዳቤ የሚያጽፍ መንገድ አይደለም። ዓይንህ ከተሠራ ወዲህ ሁለቴ መጣሁ፤ ሁለቴም ደንገጎን ስንወርድ የምልህን በልቤ እየደረደርኩ ነበር። ግቢ ስገባ ጠያቂው ሞልቷል፣ እማዬ ከሰሉን ታራግባለች፣ አንተ አንድ ዓይንህን ሸፍነህ ሰውን ሁሉ ታስቃለህ። ቡና ሳቀርብ ዋልኩና የደረደርኩትን ይዤው ተመለስኩ። ስለዚህ ጻፍኩት። ወንድሜ እንዳያነብልህ። አዲሱ መነጽር ሲደርስልህ ራስህ አንብበው። አንድ ወር ቢቆይ ግድ የለም፣ ጉቦ ጠየቀች የተባልኩበት ነገር አሥራ አንድ ዓመት ቆይቷል።

ጠብታው በቀን አራት ጊዜ ነው። እማዬ «ጠዋትና ማታ ያደርጋል» አለችኝ። አራት ጊዜ ነው አባዬ፣ ካርቶኑ ላይ በቀይ እስክሪብቶ ጽፌልሃለሁ። ዓይንህን አትሽ፣ ጎንበስ ብለህም ያን የተፈታ ጄኔሬተር አትነካካ። ሁለት ዓመት የጠበቀ ጄኔሬተር ሁለት ወር አይከብደውም።

ሚጡ ሁለቱ የላይ ጥርሶቿ ወልቀው «ፈረስ» ማለት አቅቷታል። እኛም እሱን ለመስማት ብለን ቀኑን ሙሉ ስለ ፈረስ እናወራለን። ካርድ ተቀብላ ሦስተኛ ወጥታለች። ማሙሽ ስንተኛ እንደወጣ አትጠይቀኝ። የኔታ ጋ ፊደል ስትቆጥር ከነበረችው እናቱ የባሰ አይደለም። ክረምቱን አንተ ጋ ነው፤ ስለ እሱ የምለው አለኝ፣ መጀመሪያ ግን የራሴን ላውጣ።

ሚያዝያ ላይ ከሥራ ተሰናበትኩ።

«ቢሮ እንዴት ነው?» ስትለኝ «ደህና ነው» ያልኩህ ውሸት አይደለም፤ ቢሮው ደህና ነው። እኔ ነኝ እዚያ የሌለሁት። በየወሩ የሚደርሳችሁ ብር ከባለቤቴ ደመወዝ ነው። እሱ እንዳትነግሪያቸው ብሎኛል፣ እኔ ግን ተደብቆ የሚሰጥ ነገር ስለማልወድ ነገርኩህ።

አንተ የባቡር ሠራተኞች ማኅበር ሰው ነበርክና ሕጉን አልነግርህም፤ የተለወጠውን ብቻ ልንገርህ። በአሁኑ አዋጅ፣ በ1156/2011 ማለት ነው፣ ሠራተኛ በጽሑፍ እየተጠነቀቀ በስድስት ወር ውስጥ ስምንት ጊዜ ካረፈደ ያለ ማስጠንቀቂያ ይሰናበታል። እኔ ስምንቷን ሞላኋት። ስምንተኛዋን ቀን እንዴት እንዳረፈድኩ ስሚኝ የምለው ሰው አጥቼ ነው ላንተ የምጽፈው። ከጠዋቱ 1፡40 ነው፣ ለባብሻለሁ፣ ቦርሳዬ ትከሻዬ ላይ ነው፣ እጄ በሩ ላይ ነው። የማሙሽን የጫማ ማሰሪያ ተበጥሶ አየሁት። ቁጭ ብዬ ልሰፋው ክር ስፈልግ የክሩ ሣጥን ተመሰቃቅሏል። ጥቁሩን ከጥቁር፣ ነጩን ከነጭ ለየሁ። ስልክ ሲጮህ ቀና አልኩ፤ ሦስት ሰዓት ከሩብ። ቦርሳው ከትከሻዬ አልወረደም። ጫማውም አልተሰፋም።

እንዲህ ያለውን ለአለቃ በምን አፍ ትነግረዋለህ? «ባጃጅ አጥቼ ነው» አልኩ። ከሰባቱ በሦስቱም እሱኑ ብዬ ነበር። አልፈርድባቸውም።

አሁን ይህ ነገሬ ወዳለው ስም። ማሙሽን መምህሩ ደጋግሞ ካስጠራን በኋላ አዲስ አበባ አንዲት የአእምሮ ሐኪም ጋ ወሰድነው። ብዙ ጠየቀችንና «ቤት ውስጥ እንዲህ ያለ ሌላ ሰው አለ?» አለች። ባለቤቴ ወደ እኔ ዞሮ ሳቀ። እኔ መሳቅ ጀምሬ ተውኩት። በሌላ ቀጠሮ ብቻዬን ተመለስኩ። የልጅነቴን ጠየቀችኝ፤ ምልክቱ ከ12 ዓመት በፊት ካልነበረ ሌላ ነገር ነው ይባላል አሉ። ምስክር ሲያስፈልገኝ እማዬ ጋ ደወልኩ። «ለምን ፈለግሽው?» ሳትለኝ ግማሽ ሰዓት አወራችልኝ፤ የጠፉትን አራት ሹራቦች፣ ከከዚራ ሰፈር ዳቦ ይዘሽ ነይ ተብዬ ማታ ያለ ዳቦና ያለ ሳንቲም የተመለስኩበትን ቀን። እየሳቀች ነበር የምትነግረኝ።

ኤዲኤችዲ ይባላል። በአማርኛ የትኩረት ማነስና የመቅበጥበጥ ችግር ይሉታል፤ እኔ ስሙን አልወደድኩትም። ክር ስለይ ያየኝ ሰው ትኩረት አንሷታል አይልም። ላንተ በሚገባህ ልንገርህ፤ ሞተሩ ይሠራል፣ ያውም ይጮሃል፣ ፍሪሲዮኑ ግን አይዝም። ነጂው ነዳጅ በረገጠ ቁጥር ድምፁ ይጨምራል እንጂ መኪናው አይሄድም። ከውጭ የሚያይ «ለምን አትነጂውም?» ይላል። አንተም «ቀልብሽን ሰብስቢ» ትለኝ ነበር። የት እንደሚሰበሰብ ብታሳየኝ እኮ እሰበስበው ነበር።

እንግዲህ ወደ 2006 ልመለስ፤ ብዙ ዞርኩ፣ አውቃለሁ።

ጓደኛህ ዕቃ ከጉምሩክ በሚያስወጣበት ትራንዚት ቢሮው ያስገባኝ ላንተ ብሎ ነው። ስድስት ወር በደንብ ሠራሁ። በተለይ ነገር ሲጣደፍ፣ ሾፌር በር ላይ ቆሞ ሲጮህ፣ ከኔ የሚፈጥን አልነበረም፤ ራሱ ጓደኛህ ይመሰክር ነበር። ከዚያ ያ ሰማያዊ ፋይል መጣ። የመኪና መለዋወጫ ነው፣ 64 ዓይነት ዕቃ፤ እያንዳንዱ ዕቃ የየራሱ የታሪፍ ቁጥር ተፈልጎለት ዲክላራሲዮኑ ላይ መግባት አለበት። የሚያጣድፍ ሾፌር የለውም፣ አጓጊ ነገርም የለውም። ዘጠኝ ቀን ጠረጴዛዬ ላይ ተቀመጠ። በየቀኑ አየዋለሁ። በየማታው «ነገ ከሁሉ በፊት እሱን» እላለሁ። ጠዋት እከፍተዋለሁ፣ የመጀመሪያውን መስመር አነባለሁ፣ ከዚያ የሌላውን ሰው ሥራ እየለመንኩ እሠራለሁ። አንድ ቀን የኮምፒውተሩን ፊደሎች አንድ በአንድ ነቅዬ አጥቤያለሁ። የመጋዘኑ ኪራይ ከላይ ይቆጥራል።

በስድስተኛው ቀን የባለ ንብረቱ ሰው መጣና ከሻዩ ሰሃን ሥር 500 ብር አስቀመጠ። «ለሻይ» አለ። ፊቴ እሳት ሆነ። ብሩን እጁ ላይ አድርጌ መለስኩለት። ሰውየው አንሷት ነው ብሎ ሄደ።

የቀረውን አንተ ታውቀዋለህ። ጓደኛህ አስጠራህ፣ ከረባትህን አስረህ ሄድክ፣ ስትመለስ ጫማህን እንኳ ሳታወልቅ በሩ ላይ ቆመህ «ስንት ጠይቀሽ ነው?» አልከኝ። አልጮህክም። ብትጮህ ይሻለኝ ነበር። ዝም አልኩ። ዝም ያልኩት ስለሠራሁት አይደለም፤ «ታዲያ ለምን አልጨረስሽውም?» ብትለኝ መልስ ስላልነበረኝ ነው። ለራሴም መልስ አልነበረኝም። አንተ ዝምታዬን ለመልስ ወሰድከው፣ ሁዳዴን ሙሉ አላናገርከኝም። የፋሲካ ለት «እንኳን አደረሰሽ» አልክና አለፈ ተባለ። አላለፈም።

ምንም አልጠየቅኩም አባዬ። መጀመር አቅቶኝ ነው። ይኸው ነው ሙሉ መልሱ፣ ሌላ የለውም።

ከዚያ ወዲህ ብዙ አነበብኩ፤ አንድ ነገር ሲይዘኝ እስከ ሌሊት ነው፣ ታውቀኛለህ። በፈረንጅ 1902 ለንደን ላይ ጆርጅ ስቲል የሚባል የልጆች ሐኪም ስለ እንዲህ ያሉ ልጆች ለሐኪሞች ትምህርት ሰጥቷል። 1902 ለአንተ ምን እንደሆነ አልነግርህም፤ ባቡሩ ድሬ የገባበት ዓመት ነው። ሰውየው ልጆቹ ጭንቅላታቸው ደህና ሆኖ፣ ወላጆቻቸውም በደንብ አሳድገዋቸው እንደዚያ መሆናቸው ገርሞታል። ግን ምን ብሎ ጠራው መሰለህ? የግብረ ገብ መቆጣጠሪያ ጉድለት። እሱም እንዳንተ ነው ያሰበው። እሱን ይቅር ካልኩት አንተንም ይቅር ማለት አለብኝ፤ እሱ ግን አባቴ አልነበረም።

ሌላም ጥናት አይቻለሁ፣ በ10 አገሮች ሠራተኞች ላይ የተሠራ። ይህ ችግር ያለበት ሠራተኛ ከሌላው ይልቅ በዓመት ወደ 22 ቀን የሚሆን ሥራ ይባክንበታል ይላል። ሳነበው መጀመሪያ የተሰማኝ እፎይታ ነው። የሚቆጠር ነገር ነው ማለት ነው። ስንፍና ቢሆን ማን ይቆጥረው ነበር?

እንዳትቆጣ፣ አንድ ነገር ደግሞ ልጨምር። ያኔ ከሰዓት በኋላ እዚያ ቢሮ እቅም ነበር። ለጨዋታ መስሎህ ይሆናል፤ ለሥራ ነው። ድሬ ከምሳ በኋላ በሯን ስትዘጋ እኔ ፋይሌን ይዤ ከገራባው መሃል እቀመጣለሁ፤ ለሁለት ሰዓት ያህል ጭንቅላቴ ውስጥ ያለው ገበያ ይበተናል፣ መስመሩ መስመር ይሆናል። ከዚያ ምርቃናው ያልፍና ሌሊቱን ጣሪያ ሳይ አድራለሁ፣ ጠዋት አረፍዳለሁ። ሐኪሟ ስነግራት አልደነቃትም። ጫት ውስጥ ያለው ካቲኖን የአምፌታሚን ዘመድ ነው፤ ከአምፌታሚን ወገን የሆኑ መድኃኒቶች በሌላ አገር ለዚሁ ነገር ይታዘዛሉ። ግን ጫት ልክ የለውም፣ እንቅልፍ ይነሳል፣ ልብ ያስሮጣል፣ ሕክምና አይደለም አለችኝ። ትቼዋለሁ። አሁን የታዘዘልኝን እየወሰድኩ ነው፣ ደም ግፊቴንም እለካለሁ። ተአምር አልሠራም። ያም ሆኖ ይህን ደብዳቤ በሦስት ቀን ጨርሻለሁ፣ ድሮ ቢሆን እስከ መስቀል አይደርስልህም ነበር።

አንተስ ከቀዶ ጥገናው ወዲህ ጫቱን ቀነስክ? ሐኪሙ ምን አለህ? እማዬ ስጠይቃት ወሬ ለወጠችብኝ።

እማዬ የምትወዳት ወሬ አለች፤ አንተን የዕቃ ግምጃ ቤት ኃላፊ አድርገው ቢሮ፣ ጠረጴዛና ቬንትሌተር የሰጡህ ጊዜ። ሦስት ወር ሳይሞላ ደመወዝህ ቢቀንስም ወደ ወርክሾፑ መልሱኝ ብለህ ሄድክ። «የዘይቱ ሽታ ናፈቀው» እያለች ትስቃለች፣ እኛም ስንሰማው ያደግነው እንደ ኩራት ነው። ሌሊት ባቡር ከሐዲድ ወጣ ሲባል ግን ሸሚዝህን እየቆለፍክ ትሮጥ ነበር፤ የዚያን ቀን ከማንም ትበልጣለህ። ግቢው ውስጥ ደግሞ ሦስት የተፈቱ ሬዲዮኖች፣ አንድ ቬንትሌተር፣ ጄኔሬተሩ። መንትዮችን ያጠኑ ሰዎች ይህ ነገር በዘር የመውረድ ኃይሉ ከቁመት ብዙም አይርቅም ይላሉ። ቁመቴን ከማን እንደወሰድኩ ድሬ ሁሉ ያውቃል።

አንተም አለብህ አላልኩም። ሐኪም አይደለሁም። ያ የግምጃ ቤት መዝገብ እንዴት እንደነበር፣ ስትከፍተው ምን ይሰማህ እንደነበር ግን አንድ ቀን ብትነግረኝ ደስ ይለኛል። ካልፈለግህም ተወው።

ስለ ሥራ አትጨነቅ። እዚህ የሰርግ ዲኮር የምትሠራ ሴት ጋ ገብቻለሁ። በየሳምንቱ ሌላ አዳራሽ፣ ሌላ ጨርቅ፣ ሙሽሮቹ ስምንት ሰዓት ይገባሉ ከተባለ ስምንት ሰዓት ነው፤ ልለምናት ብትል ሙሽራ አትለመንም። ጨርቁን ከመኪና ግርግር፣ ከልብስ ሰፊዎቹ መንገድ፣ መርጬ የማመጣው እኔ ነኝ። ሒሳቡን አልነካም፣ መጀመሪያ ቀን ነው የነገርኳት፤ እሷም ጠዋት ጠዋት ትደውልልኛለች፣ «ከቤት ወጣሽ?» ሳይሆን «ባጃጅ ውስጥ ነሽ?» ብላ። አካል ጉዳተኛ ሠራተኛን እንዲህ ባለው ነገር አግዙት የሚል አዋጅ አገራችን ካወጣች ቆይታለች፣ 568/2000 ነው። በዚያኛው መሥሪያ ቤት እሱን ጠቅሼ ልቆም አስቤ ነበር። እጅና እግሬን እያዩ ሲስቁ ታየኝና ተውኩት። ክረምቱ ሰርግ የለበትም፣ ገንዘቡ ይቀንሳል፤ እሱን እናያለን።

ማሙሽን ቅዳሜ እልከዋለሁ። ምሽት ላይ መድኃኒቱን የሚወስደው ነገር የለም፣ የጠዋቷን ብቻ ከቁርስ በኋላ ስጠው፤ ለእማዬም እነግራታለሁ። ሁለት ነገር አንድ ላይ አትዘዘው፤ ዳቦ ከሆነ ዳቦ ብቻ። ከጠፋም መጋላ አትፈልገው፣ ሰው ብረት የሚበይድበት ቦታ ቆሞ ታገኘዋለህ። ቀልበ ቢስ እንዳትለው። ለኔ ያልከኝን ሁሉ ችያለሁ፣ ለሱ የምትለውን ግን አልችልም፤ ይህን ስጽፍ እጄ እየተንቀጠቀጠ ነው፣ ግን አልሰርዘውም።

የመጨረሻው ደግሞ ጓደኛህ ነው። በቀደም የልጁ ሰርግ ላይ አዳራሹን የሠራሁት እኔ ነበርኩ። አይቶኝ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ድሬ ትንሽ ናት፣ እሱ እስካሁን ያች ልጅ ጉቦ ጠየቀች ብሎ ነው የሚያምነው፤ ያንተም ዝምታ አጽንቶለታል። ከረባትህን አስረህ እሱ ጋ ይቅርታ ልትጠይቅ እንደሄድክ፣ አሁንም ሂድና አልጠየቀችም በለው። ምክንያቱን መንገር አይጠበቅብህም። እምቢ ካልክም ክረምቱን ሙሉ እንደ ሁዳዴው ዝም አንበል፤ እምቢ አልኩ በለኝ።

እማዬን ሳምልኝ። የወፍጮውን ከፍያለሁ፣ ደግማችሁ እንዳትከፍሉ።

ልጅህ