የፊልም ክበብ፦ ቃል የጠፋበት ልጅ

አምና ክበባችን ፊልም አይቶ አጨብጭቦ የሚበተን ነበር። ጥፋቱ የእኔ ነው። ዘንድሮ ግን አንድ ተከታታይ ድራማ ይዘን እስከ ሰኔ ልንቆይ ተስማማን። በድምፅ ብልጫ የማርቭል ኩባንያ የስለላ ድራማ «ኤጀንትስ ኦፍ ሺልድ» አለፈ። እኔ ሌላ መርጬ ነበር፤ ተሸነፍኩ።

ድራማው እ.ኤ.አ. በ2013 በአሜሪካው ኤቢሲ ጣቢያ ሲጀምር የሳምንቱ ጉዳይ ይመጣል፣ ይፈታል፣ ሰላዮቹም ወደ አውሮፕላናቸው ይመለሳሉ። ልጆቹ ጥቅምት ላይ ማዛጋት ጀመሩ። እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 2014 ከድራማው ጋር አንድ ዓለም የሚጋራው ሁለተኛው የካፒቴን አሜሪካ ፊልም ወጣ። እዚያ ውስጥ ሺልድ የሚባለው የሰላዮቹ መሥሪያ ቤት በሆዱ በተሰገሰጉ የሃይድራ (ስውር የጠላት ድርጅት) ሰዎች ፈረሰ። ድራማውም በዚያው ሰሞን አብሮ ተገለበጠ፤ የቡድኑ ቁንጮ ተዋጊ ዋርድ ከሃዲ ሆኖ አረፈው። የዚያን ዕለቱ ጩኸት ርዕሰ መምህሩን ከቢሮ አስወጥቷል።

ዋናው ክርክር የመጣው ሁለተኛው ሲዝን ላይ ነው። 22ቱንም ክፍል አላየንም፤ መብራቱም ፕሮጀክተሩም አልተባበሩንም። ድራማውን አዲስ ያደረገው ምንድን ነው? «ስካይ ናታ፣ ቲቸር!» አሉ ብዙዎቹ። እውነት አላቸው፤ ሀከር የነበረችው ልጅ ሲዝኑ አጋማሽ ላይ ምድር የምታንቀጠቅጥ ሆናለች። ሌሎች ደግሞ የቡድኑ መሪ ኮልሰን ዳይሬክተር ሆኖ መሥሪያ ቤቱን ከመንግሥት ተደብቆ ማቋቋሙን አነሱ።

ዓመቱን ሙሉ ከኋላ ተቀምጣ ያለፈች የ10ኛ ክፍል ተማሪ ግን «ፊትዝ» አለች። «ስካይ በጥይት ስትመታ መድኃኒት ተገኘላት። ፊትዝ ግን እንደተጎዳ ቀረ።»

ዝም አልን። ፊትዝ የቡድኑ ፈጣን አእምሮ ነበር። በመጀመሪያው ሲዝን መጨረሻ ባሕር ሥር ሲታፈኑ ያለችውን አንዲት ትንፋሽ አየር ለሥራ ባልደረባው ለሲመንስ ሰጥቶ እሱ አንጎሉ ተጎዳ። የሁለተኛውን ሲዝን መክፈቻ መልሰን አየነው። ፊትዝ ላብራቶሪ ውስጥ ቃል ይጠፋዋል፤ ሲመንስ አጠገቡ ቆማ ትሞላለታለች። መጨረሻ ላይ ነው ሲመንስ ትታው ከሄደች መቆየቷን የምንሰማው። ለካ የሚያወራው ከራሱ ጋር ነው! በሁለተኛው ዕይታ ከእሱ በቀር ማንም እንደማያናግራት አስተዋልን። እኔ በበኩሌ ከምድር መንቀጥቀጡ ሁሉ ይህን እመርጣለሁ። ጸሐፊዎቹ ያለፈውን ዓመት ሳይረሱ ነው አዲስ ዓመት የጀመሩት።

ለወላጆች ቀን ልጆቹ የራሳቸውን አጭር ድራማ ጻፉ። ከአደጋ የተረፈ ልጅ እናቱን «ቁልፉን ስጪኝ» ማለት አቅቶት ሲንገታገት የሚያሳይ ነው። መድረክ ላይ ዝምታው ከልምምዱ በጣም ረዘመ። አንዲት እናት ከመቀመጫቸው ሆነው «ቁልፍ! ቁልፍ በለው የኔ ልጅ!» አሉ። አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ።

ልጁ ከመጋረጃው ጀርባ ላቡን እየጠረገ አገኘሁት። «ቲቸር፣ የምሬን ጠፍቶብኝ እኮ ነው» አለኝ።