ካውንስልና ተከራይ ሽምግልና ሲቀመጡ

ይድረስ ለውድ ጋሽዬ፣

ለጤናዎ እንደምን ሰነበቱ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ።

«መንግሥት አከራይ ሆኖ ከተከራዩ ጋር ሽማግሌ ፊት ይቀርባል ወይ?» ላሉኝ፣ እዚህ እንግሊዝ አገር ይቀርባል። ካውንስል የሚባለው የአካባቢ አስተዳደር ቤት ያከራያል። የ1985ቱ የአከራይና ተከራይ ሕግ ደግሞ ጣራውን፣ ግድግዳውን፣ የውኃ መስመሩንና ማሞቂያውን የመጠገን ግዴታ በአከራዩ ላይ ጥሏል። ጠቡም በአብዛኛው ከዚሁ ይነሳል።

ነገሩ የሚያልቀውም የሚበላሸውም ገና ሳይቀመጡ ነው። ቤት ውስጥ ላለ ብልሽት ካውንስሉ የሚጠየቀው ካወቀበት ቀን ጀምሮ ስለሆነ፣ በስልክ ብቻ የተናገረ ተከራይ «አልሰማንም» ሲሉት መልስ ያጣል። በጽሑፍ ማሳወቅ፣ ቀን ያለው ፎቶ ማንሳት፣ የተበላሸ ዕቃ ደረሰኝ ማስቀመጥ ያስፈልጋል። ቀጥሎ የክስ ማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ይላካል፤ ካውንስሉ በ20 የሥራ ቀን ውስጥ እንዲመልስ ይጠበቃል። ቤቱን ሁለቱም ወገን የተስማሙበት ባለሙያ ቢያየው ይሻላል። አለበለዚያ «እርጥበቱ ከጣራው ነው»፣ «የለም፣ መስኮት ዘግታችሁ ስለምታበስሉ ነው» ሲባባሉ ቀኑ ይመሻል። ተናዶ ኪራይ ማቆም ደግሞ ትልቅ ስህተት ነው፤ ካውንስሉ በውዝፉ ምክንያት ቤቱን ለማስለቀቅ ሊከስ ይችላል።

የእኛ ሽማግሌ ጥፋተኛውን ይገሥጻል፤ የእነሱ ግን አይፈርድም፣ አይቆጣም። ሁለቱን በየክፍላቸው አስቀምጦ ይመላለሳል። እዚያ የተባለው በሙሉ በምስጢር ይያዛል፤ ካልተስማሙ ዳኛ ፊት ማስረጃ አይሆንም። በካውንስሉ በኩል የሚመጣው ሰው ገንዘብ የመፍቀድና የመፈረም ሥልጣን ያለው መሆኑን አስቀድሞ በጽሑፍ ማረጋገጥ ግድ ነው። «አለቃዬን ልጠይቅ» የሚል ከመጣ ቀኑ ባከነ ማለት ነው።

ስምምነቱ ላይ «ይጠገናል» ብሎ መፈረም ዋጋ የለውም። የትኛው ክፍል፣ ምን ሥራ፣ በየትኛው ቀን ተጀምሮ በየትኛው ቀን እንደሚያልቅ ይጻፍ። ካሳው ስንት ፓውንድ እንደሆነና መቼ እንደሚከፈል፣ ከኪራይ ውዝፍ ላይ ይቀነስ አይቀነስ እንደሆነም እንዲሁ። ክስ ተከፍቶ ከነበረ ስምምነቱን በፍርድ ቤት ትእዛዝ ማስያዝ ነው፤ ካውንስሉ ቃሉን ቢያጥፍ እንደ አዲስ ከመክሰስ ያድናል።

ካውንስሉ አልሸማገልም ቢልስ? እ.ኤ.አ. በ2023 ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ዳኞች ተከራካሪዎችን ወደ ሽምግልና ማዘዝ እንደሚችሉ ወስኗል። ጉዳዩ ከአንድ የዌልስ ካውንስል መሬት ወደ ጎረቤት ስለተዛመተ አረም ነበር፤ ውሳኔው ግን ለሌላውም ክርክር ይሠራል። ክስ ለማይፈልግም የቤቶች እንባ ጠባቂ አለ፤ በመጀመሪያ የካውንስሉን የቅሬታ ደረጃዎች መጨረስ ይጠበቅበታል እንጂ ክፍያ የለውም።

እትዬንና ልጆቹን ሳሙልኝ።

ታናሽ ወንድምዎ