ተፈናቃይ ሕፃናትን ማይክሮፎን ፊት ስለማቆም

ለጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፤

ደብረ ብርሃን ስለተጠለሉ ወገኖች በቅርቡ ያወጣችሁት ዘገባ ብዙ ጠቃሚ ነገር ይዟል። አንዲት ተፈናቃይ ተማሪ በአንድ ትምህርት ቤት ዝግጅት ላይ፣ እንግዶች በተሰበሰቡበት፣ የደረሰባትን እንድትናገር መደረጉን በበጎ ምሳሌነት ማንሳታችሁን ግን ልቀበለው አልቻልሁም።

ይህን የምጽፈው በልጅነቴ ስደተኛ ስለነበርሁ ነው። አባቴ ከመንዝ ወርዶ ሑመራ በሰሊጥ እርሻ ይሠራ ነበር። በ1969 ዓ.ም. ኢዲዩ የተባለው የደርግ ተቃዋሚ ድርጅትና ደርግ በዚያ አካባቢ ሲዋጉ በሌሊት ሸሽተን ሱዳን ገባን፤ እናቴም ገዳሪፍ ላይ በወባ ሞተች። አሜሪካ በ1972 ዓ.ም. አዲስ የስደተኞች ሕግ ካወጣች በኋላ እዚያ ለመሥፈር ተመዘገብን። የሠፈራ ቃለ መጠይቅ ምን እንደሚመስል ያላለፈበት ሰው በቀላሉ አይገምተውም። የሸሸንበት ቀን፣ የመንደሩ ስም፣ የተኮሰው ወገን ማንነት ይጠየቃል፤ አባትና ልጅ ለየብቻ የሰጡት ቃል ካልገጠመ ጉዳዩ ሊወድቅ ይችላል። ስለዚህ አባቴ ማታ ማታ ያስጠናኝ ነበር፤ የእናቴን ሞት እንደ ዳዊት እስክደግመው ድረስ። ያም ሆኖ የተናገርሁት በር ተዘግቶ፣ ጠያቂዋና አስተርጓሚው ብቻ ባሉበት ነው። በሠፈርንበት ከተማ የክፍል ጓደኞቼ ከዚህ አንዱንም አያውቁም ነበር፤ ባለማወቃቸውም እንደ ማንኛውም ልጅ ኳስ ተጫውቼ፣ ተጣልቼና ታርቄ ለማደግ ቻልሁ። ታሪኬን በአደባባይ መናገር የጀመርሁት ልጆች ከወለድሁ በኋላ፣ በራሴ ፈቃድ ነው።

ከወለጋ ተፈናቅለው እዚህ የመጡት ልጆች፣ ከባሕር ጠለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ባለው ከተማ፣ በሸራ ድንኳን ውስጥ ብርዱን ይገፋሉ (የደብረ ብርሃን የኅዳር ሌሊት ለተወላጁም ቢሆን አይቻልም)። ይህ አንሶ እንግዳ በመጣ ቁጥር አንዱ ልጅ ተጠርቶ ቁስሉን እንዲያሳይ ይጠበቅበታል፤ በማግስቱም ያንኑ ታሪክ ከሰሙት ተማሪዎች ጋር አንድ ዴስክ ላይ ይቀመጣል። ድንበር ስላልተሻገሩ በሕግ ስደተኛ አይባሉም፤ ሆኖም ኢትዮጵያ በ2012 ዓ.ም. ያጸደቀችው የአፍሪካ ኅብረት የካምፓላ ስምምነት ተፈናቃዮችን የመጠበቅ ቀዳሚ ኃላፊነት የመንግሥት መሆኑን ይደነግጋል። ጥበቃው ከስንዴና ከብርድ ልብስ ማለፍ ያለበት ይመስለኛል።

ለጋሾች ካልሰሙ አይረዱም የሚል መከራከሪያ እንደሚቀርብ አውቃለሁ። የራሽኑን መዘግየትና የድንኳኑን ጥበት ግን የተፈናቃይ ኮሚቴ አባላት ከማንም በተሻለ ያስረዳሉ። ተማሪዎች ስለ ጦርነት ከባለታሪኩ አንደበት ይስሙ ከተባለም፣ በ2013 ዓ.ም. አጣዬ ስትቃጠል፣ በ2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ሸዋ ሮቢትና ደብረ ሲና ሲደርስ የነበሩ፣ ለመናገር ፈቃደኛ የሆኑ አዋቂዎች በሰሜን ሸዋ አይታጡም።

ጋዜጣችሁም ከእንግዲህ የተፈናቃይ ሕፃናትን ስም፣ ፎቶግራፍና የትውልድ ቀበሌ ከማተም እንዲቆጠብ በትሕትና እጠይቃለሁ። በዞናችን ያሉ ትምህርት ቤቶች ከፈለጉኝ ቀርቤ ለተማሪዎቻቸው ጥያቄ ሁሉ መልስ ለመስጠት ዝግጁ ነኝ፤ አድራሻዬን ለዝግጅት ክፍላችሁ ትቻለሁ።

ከአክብሮት ጋር
ስሜ በዝግጅት ክፍሉ የተያዘ፣ ከደብረ ብርሃን